በዶታ ጨዋታ ድልን ስለ ማፋጠን

በኮሌጃችን ማደሪያ ቤቶች ማታ ማታ ከሚደረጉት ጨዋታዎች መካከል ዶታ የሚባለው፣ በኢንተርኔት አማካይነት የሚካሄደው የቡድን ውጊያ፣ አንዱ መሆኑን የማያውቅ ተማሪ ጥቂት ነው። መምህራኖቻችን ግን ስሙን የሚሰሙት ምናልባት አንዱ ተማሪ በማለዳው ክፍለ ጊዜ ሲያንቀላፋ ምክንያቱን በጠየቁት ጊዜ ብቻ ይሆናል። ስለዚህ ጨዋታውን ለማያውቁት በአጭሩ ካስረዳሁ በኋላ፣ ለሚያውቁት ደግሞ አንድ ጥያቄ ለማቅረብ አስቤአለሁ። ጥያቄውም ይህ ነው፦ አንድ ቡድን ብልጫ ካገኘ በኋላ ጨዋታውን ቶሎ ሊጨርሰው የሚችለው እንዴት ነው? ብዙዎቹስ ብልጫውን በእጃቸው ይዘው ሳለ የሚሸነፉት ስለ ምንድን ነው?

ጥያቄውን ያነሣሁት ለክርክር ያህል ብቻ አይደለም። ባለፈው ዓመት በተማሪዎች መካከል በተደረገ ውድድር እኔ ያለሁበት ቡድን እስከ ሃያኛው ደቂቃ ድረስ ከባላጋራው እጥፍ ያህል ገድሎ ነበር። ከኋላችን ቆመው ለሚመለከቱት ጓደኞቻችን፣ «አለቀ፣ ሂዱና ተኙ» አልናቸው። በአምሳኛው ደቂቃ ላይ ግን ዋናው ሕንፃ የፈረሰው የእኛ ሆነ። በማግሥቱ የጨዋታውን ቅጂ ከመጀመሪያው እስከ መጨረሻው መልሰን ብንመለከተው ያየነው ነገር አሳፈረን። በሃያ ደቂቃ ውስጥ ያን ሁሉ ጠላት ስንገድል ያፈረስነው ግንብ ሁለት ብቻ ነበረ።

አሁን የምንጫወተው ዶታ 2 ቫልቭ በተባለው የአሜሪካ ኩባንያ ተሠርቶ በ2013 የወጣ ነው (በዚህ ጽሑፍ የተጠቀሱት ዓመታት ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው)። መሠረቱ ግን ዋርክራፍት 3 ለተባለው ለሌላ ጨዋታ፣ ተጫዋቾቹ ራሳቸው በ2003 ያበጁት ካርታ ነው። ሜዳው አራት ማዕዘን ሲሆን፣ ፊት ለፊት በሚተያዩት ሁለት ማዕዘኖች ላይ የሁለቱ ወገኖች ሰፈሮች ይገኛሉ። ሰፈሮቹን ሦስት ጎዳናዎች ያገናኟቸዋል፤ በጎዳናዎቹም መካከል ጫካ አለ። እያንዳንዱ ወገን በየጎዳናው ሦስት ሦስት ግንብ፣ በዋናው ሕንፃ ፊት ደግሞ ሁለት ግንብ፣ በጠቅላላው 11 ግንቦች አሉት። ይህ ዋና ሕንፃ ኤንሸንት ይባላል። ክሪፕ የሚባሉት እግረኛ ወታደሮች ማንም ሳያዛቸው በየ30 ሴኮንዱ እየወጡ በሦስቱም ጎዳናዎች ወደ ጠላት ይተማሉ። ተጫዋቾቹ በየወገኑ አምስት አምስት ሆነው፣ ከመቶ ከሚበልጡት ጀግኖች መካከል እያንዳንዳቸው አንዳንድ ይመርጣሉ። ጀግናው ክሪፕ ወይም ተቃራኒ ጀግና ሲገድል ወርቅና ልምድ ያገኛል፤ በወርቁ መሣሪያ ይገዛል፣ በልምዱም ደረጃው ከፍ ይላል። የሞተ ጀግና ከተወሰነ ጊዜ በኋላ ተመልሶ ይነሣል።

አሸናፊው ኤንሸንትን ያፈረሰው ወገን ነው። በገደሉት ቁጥር የሚገኝ ድል የለም። ሕጉ ይህን ያህል ግልጽ ሆኖ ሳለ፣ ብዙዎቻችን የምንጫወተው በየግድያው ነጥብ የሚቆጠርልን ይመስል ነው፤ ምክንያቱም ግድያው በማያ ገጹ ላይ በትልቁ ይጻፋል፣ ድምፅም ይሰማበታል። ግንብ ማፍረስ ግን እንደ አረም ሥራ ነው፤ የሚያጨበጭብለት የለም።

አሁን ወደ ዋናው ነገር ልግባ። በዶታ የሚገኝ ብልጫ የሚበላሽ ነገር ነው። ወተት ቢያድር እንደሚረጋ፣ በአሥራ አምስተኛው ደቂቃ የተገኘ የወርቅ ብልጫም እስከ አርባኛው ቢቆይ ያው ብልጫ ሆኖ አይገኝም። ለዚህም ቢያንስ ሦስት ምክንያቶች አሉ። የመጀመሪያው፣ የኢኮኖሚክስ ተማሪዎች በቀላሉ የሚረዱት፣ የጥቅም እየቀነሰ መሄድ ነው። አንድ ጀግና ለውጊያ የሚይዛቸው ዋና የመሣሪያ ቦታዎች ስድስት ናቸው። ሀብታሙ ስድስቱን ከሞላ በኋላ ተጨማሪው ወርቅ እምብዛም አይጠቅመውም፤ ድኻው ግን ቀስ እያለ ስድስቱን ሞልቶ ይተካከለዋል። ሁለተኛው ምክንያት ከጀግኖቹ ጠባይ የሚመጣ ነው። ዴዝ ፕሮፌት የተባለችው የምትለቃቸው መናፍስት ግንብ እንኳ ይመታሉ፤ ሻዶው ሻማን የሚተክላቸው እባቦችም ግንብን በጥቂት ሴኮንዶች ያዳክማሉ። እነዚህ ገና በትንሽ ወርቅ ብርቱ የሆኑ ናቸው። ስፔክተርንና ሜዱሳን የመሳሰሉት ግን በመጀመሪያ ደካሞች ሆነው ሳሉ፣ ጊዜ ከተሰጣቸው አምስቱን ብቻቸውን የሚያስጨንቁ ይሆናሉ። እንግዲህ ፈጣን ጀግኖችን መርጦ ጨዋታውን ማስረዘም፣ በበጋ ሊዘራ የተነሣ ገበሬን መምሰል ነው። ሦስተኛው ምክንያት የሞት ዋጋ ነው። የጀግናው ደረጃ ከፍ ባለ ቁጥር ከሞተ በኋላ የሚጠብቀው ጊዜ ይረዝማል። በመጀመሪያው የሠራነው ስሕተት ጥቂት ሴኮንድ ያስከፍለናል፤ በአምሳኛው ደቂቃ የሠራነው ግን ሰፈራችንን ባዶ አድርጎ ጨዋታውን ያስጨርሳል። ያን ጊዜ የቀድሞው ብልጫ ከቁም ነገር አይገባም። በእኛ ላይ የደረሰውም ይኸው ነበረ።

በአገራችን በቀድሞ ዘመን ይዘወተር በነበረው ሰንጠረዥ መጀመሪያ ላይ ወረራ የሚባል ክፍል ነበረ። አንዱ የሌላውን ጠጠር እስኪበላ ድረስ ሁለቱም ወገኖች ተራ ሳይጠብቁ ሠራዊታቸውን ያሰልፉ ነበር። የዶታ የመጀመሪያዎቹ ደቂቃዎች፣ ማለት በየጎዳናው ክሪፕ እየገደሉ ወርቅ የሚሰበሰብባቸው፣ ወረራን ይመስሉኛል። ልዩነቱ በሰንጠረዥ የመጀመሪያው ጠጠር ሲበላ ወረራው ማብቃቱ በግልጽ የታወቀ መሆኑ ነው። በዶታ ግን ዝግጅቱ አብቅቶ ጦርነቱ መጀመሩን የሚናገር ሕግ ስለሌለ፣ አምስቱ ተጫዋቾች ራሳቸው መወሰን አለባቸው፤ ሁልጊዜም፣ «አንድ ዕቃ ብቻ ልጨምር» የሚል አንድ ሰው አይጠፋም።

የጊዜውን ሒሳብ በምሳሌ ላሳይ። በመካከለኛው ጎዳና በተደረገ ውጊያ ሦስት ጠላቶች ወደቁ እንበል፤ ለመነሣት 40 ሴኮንድ ይቀራቸዋል። ቅርቡ ግንብ የ10 ሴኮንድ መንገድ ነው። የእኛ ክሪፖች ወደዚያ የሚደርሱት ግን ከ15 ሴኮንድ በኋላ ነው። ክሪፖቹን ሳይጠብቁ ግንብ መምታት ሁለት ጊዜ ይጎዳል፤ በአንድ በኩል ግንቡ የሚተኩሰው በጀግናው ላይ ይሆናል፤ በሌላ በኩል ደግሞ ከፊተኞቹ ግንቦች በስተኋላ ያሉት ሕንፃዎች፣ የጠላት ክሪፕ በአጠገባቸው ከሌለ የደረሰባቸውን ጉዳት መልሰው ይጠግናሉ። ስለዚህ በእጃችን ያለው እውነተኛ ጊዜ 25 ሴኮንድ ነው። አሁን አንዱ ጓደኛችን ቆስሎ ወደ ጫካ የሸሸውን አራተኛውን ጠላት ለማሳደድ 10 ሴኮንድ ቢሄድ፣ 10 ሴኮንድ ቢመለስ፣ ከዚያም ወደ ግንቡ 10 ሴኮንድ ቢራመድ፣ የሚቀረው 10 ሴኮንድ ነው። በዚህ መካከል ከሞቱት አንዱ በቴሌፖርት ግንቡ አጠገብ ብቅ ይላል፤ ግንቡም ሳይወድቅ ይቀራል። አራተኛው ቢገደልም እንኳ የተገኘው ጥቂት ወርቅ ነው፤ ግንብ ግን ሲፈርስ ለአምስቱም ወርቅ ይሰጣል፣ አንዴ ከወደቀም አይነሣም። ብረትን መቀጥቀጥ እንደ ጋለ ነው የተባለው ለእነዚህ 25 ሴኮንዶች ነው ብል ማጋነን አይሆንብኝም።

ግንቡ ሩቅ ከሆነ ወይም ክሪፖቹ ዘግይተው ከሆነ ሁለተኛው ምርጫ ሮሻን ነው። ሮሻን በዋሻ የሚኖር አውሬ ሲሆን፣ የገደለው ወገን ኤጊስ የሚባል ጋሻ ይወስዳል። ኤጊስን የያዘ ጀግና ቢሞት እዚያው በሞተበት ቦታ ተመልሶ ይነሣል፤ ጋሻው ግን ካልተጠቀሙበት በ5 ደቂቃ ውስጥ ይጠፋል። ብዙ ቡድኖች ኤጊስን ከወሰዱ በኋላ ተበታትነው ወደ ወርቅ ለቀማ ሲመለሱ አያለሁ። ይህ መኪና ተከራይቶ በግቢ ውስጥ እንደ ማቆም ያለ ነገር ነው።

በፍጥነት የማሸነፍ ዘዴ ምን ያህል ብርቱ እንደ ሆነ ለመረዳት በ2014 በሲያትል ከተማ የተደረገውን ኢንተርናሽናል የተባለውን ታላቅ ውድድር መመልከት ይበቃል። የሽልማቱ ገንዘብ ከ10 ሚሊዮን ዶላር በላይ ነበረ። ለመጨረሻው ግጥሚያ የደረሱት ሁለት የቻይና ቡድኖች፣ ኒውቢና ቪቺ ጌሚንግ፣ ሲሆኑ ኒውቢ 3 ለ 1 አሸነፈ። በዚያ ውድድር የሠለጠነው ስልት፣ ገና በመጀመሪያ ብርቱ የሆኑ ጀግኖችን መርጦ፣ አምስቱንም በአንድነት ሰብስቦ፣ ግንቦቹን እያከታተሉ ማፍረስ ነበረ። የመጨረሻው ግጥሚያ ጨዋታዎች እጅግ ከማጠራቸው የተነሣ ተመልካቹ ወንበሩ ሳይሞቅ አለቁበት፤ ቅሬታውም ብዙ ሆነ። በዚያው ዓመት በሴፕቴምበር ወር በወጣው 6.82 በተባለው ለውጥ፣ ወደ ኋላ የቀረው ወገን የመሪውን ጀግና ሲገድል የሚያገኘው ወርቅ በብዙ እንዲጨምር ተደረገ። ይህም እጅግ በዝቷል ተብሎ ቆየት ብሎ ተቀነሰ። የጨዋታው ሠሪዎች እንዲህ እየጨመሩና እየቀነሱ ሚዛኑን ሲፈልጉ፣ ብልጫን ይዞ መዘግየት ከበፊቱ ይልቅ አደገኛ ሆነ። ለሸሸ ጠላት ብሎ ጫካ ገብቶ የሚሞት መሪ፣ ራሱን ብቻ ሳይሆን የጠላቱንም ኪስ የሚሞላ ሆኗል ማለት ነው።

ከዚህ ይበልጥ የሚያስደንቀው ግን ሰው ያልተጫወተበት ምርምር ነው። ኦፕን ኤአይ የተባለው የአሜሪካ የምርምር ድርጅት ኦፕን ኤአይ ፋይቭ የሚባል፣ ዶታን የሚጫወት የኮምፒዩተር ሥርዓት ሠርቶ ነበር። ይህ ሥርዓት የተማረው ከራሱ ጋር በመጫወት ሲሆን፣ በ2018 በየቀኑ የ180 ዓመት ያህል ጨዋታ ይጫወት እንደ ነበረ ሠሪዎቹ ገልጸዋል። በዚያው ዓመት በኦገስት ወር በቫንኩቨር ከሰዎች ጋር ባደረጋቸው ሁለት ግጥሚያዎች ተሸነፈ፤ ሁለቱም ከ40 ደቂቃ በላይ የቆዩ ነበሩ። በአፕሪል 2019 ግን በሳን ፍራንሲስኮ የዓለም ሻምፒዮን የነበረውን ኦጂ የተባለውን ቡድን 2 ለ 0 ረታው፤ ሁለተኛው ጨዋታ ከመጀመሪያው እጅግ ያጠረ ነበረ። ከዚያም ለሦስት ቀን ያህል ለሕዝብ ተከፍቶ ካደረጋቸው 7,257 ጨዋታዎች የተሸነፈው በ42 ብቻ ነው። በእርግጥ ግጥሚያው በ17 ጀግኖች ብቻ የተወሰነ ነበረ፤ ስለዚህ ማሽኑ ሙሉውን ዶታ አሸነፈ ለማለት አይቻልም። ኦጂም ቢሆን በዚያው ዓመት በኦገስት በሻንጋይ የኢንተርናሽናልን ዋንጫ ለሁለተኛ ጊዜ በተከታታይ ወስዷል።

እኔን የሳበኝ ማሽኑ የተጫወተበት መንገድ ነው። አምስቱ ጀግኖች አብረው ይጓዛሉ፤ አንድ ጠላት ሲወድቅ ወዲያው ወደ ግንብ ይዞራሉ፤ በሞቱም ጊዜ፣ ሰው ለኋላ ብሎ የሚያስቀምጠውን ወርቅ ገና በማለዳው ከፍለው ተመልሰው ይነሡበታል። ይህ ባይባክ የሚባለው በወርቅ ከሞት የመነሣት መብት ነው። ሰው በዚያ ሰዓት ባይባክ ሲያደርግ ብናይ እንስቅበት ነበር። ማሽኑ ግን ወርቁን እንደ ሀብት ሳይሆን እንደ ስንቅ ያየዋል፤ ስንቅ ደግሞ ለመንገድ እንጂ ለጎተራ አይደለም።

በሥርዓቱ ውስጥ ሠሪዎቹ «የቡድን መንፈስ» ብለው የሰየሙት አንድ ቁጥር ነበረ። ቁጥሩ 0 ሲሆን እያንዳንዱ ጀግና የሚያስበው ለራሱ ሽልማት ብቻ ነው፤ 1 ሲሆን የአምስቱ ሽልማት አማካይ የእያንዳንዱ ሽልማት ይሆናል። በሥልጠናው መጀመሪያ ቁጥሩን ዝቅ አድርገው እያንዳንዱ የግል ሥራውን እንዲማር ካደረጉ በኋላ፣ ቀስ በቀስ ወደ 1 አሳደጉት። የእኛ ቡድን በሃያኛው ደቂቃ የነበረው ቁጥር ቢለካ ኖሮ ከዜሮ ብዙ ፈቅ የሚል አይመስለኝም። እኔ ራሴ በዚያ ማታ የመጨረሻውን ግድያ ከጓደኛዬ ቀምቼ ደስ ብሎኝ ነበር።

ፍጥነት ሲባል ግን ጥድፊያ እንዳይመስል። በጣም የሚከብደው ክፍል የመጨረሻው ነው። የጠላት ሰፈር ከፍ ባለ መሬት ላይ ስለ ሆነ ከታች ያለው ከላይ ያለውን አያይም፤ ከሩቅ የሚወረውር ጀግናም ከታች ወደ ላይ ሲወረውር ከአራቱ ምት አንዱን ያህል ይስታል። ከዚህም በቀር ተከላካዩ ግሊፍ በሚባለው መብት ሕንፃዎቹን ሁሉ ለጥቂት ሴኮንዶች የማይመቱ ሊያደርጋቸው ይችላል። ስለዚህ ብልኅ ቡድን ወደ ላይ ከመውጣቱ በፊት የሁለቱን ሌሎች ጎዳናዎች ክሪፖች ወደፊት ገፍቶ፣ ጠላት በሁለት በር እንዲጠበቅ ያስገድደዋል። የጠላትን ባይባክ ይቆጥራል፤ የተነሣ ሁሉ ለበርካታ ደቂቃዎች ደግሞ መነሣት ስለማይችል፣ ሁለት ሰዎች ባይባክ ካደረጉ በኋላ የሚመጣው ውጊያ የመጨረሻው ሊሆን ይችላል። ግሊፍ ሲወጣበትም ወደ ኋላ ብሎ ይጠብቃል። በአንደኛው ሙከራ የጦር ሰፈሮቹን ብቻ አፍርሶ በሰላም መመለስ ኪሳራ አይደለም፤ የአንድ ጎዳና ሰፈሮች ከፈረሱ በዚያ ጎዳና የእኛ ክሪፖች እየበረቱ ስለሚሄዱ፣ ጠላት ከሰፈሩ ለመውጣት ይቸገራል።

ለእኛ ለኢትዮጵያ ተጫዋቾች ደግሞ ሌላ ምክንያት አለ። የምንጫወትባቸው አገልጋይ ኮምፒዩተሮች በአውሮፓና በዱባይ እንጂ በቅርባችን ስላልሆኑ፣ ትእዛዛችን ደርሶ እስኪመለስ ጊዜ ይወስዳል። በቅጽበታዊ የእጅ ፍጥነት በሚለይ ውጊያ ሁልጊዜ ግማሽ እርምጃ ወደ ኋላ ነን። ግንብ ግን አይሸሽም፤ ለእርሱ የሚያስፈልገው ቀደም ብሎ መስማማት ነው። በተጨማሪም መብራት ከጠፋ አምስት ደቂቃ ሙሉ ያልተመለሰ ተጫዋች ጨዋታውን ጥሎ እንደ ሄደ ይቆጠርበታል። አርባ ደቂቃ የተጫወተ ሰው ከሃያ አምስት ደቂቃ ይልቅ ለዚህ አደጋ የተጋለጠ መሆኑን ለማወቅ የሒሳብ ሊቅ መሆን አያስፈልግም።

ከሽንፈቱ በኋላ ብዙ ሕግ አላወጣንም። ያወጣነው አንድ ቃል ነው፤ ከውጊያ በኋላ ከአምስታችን አንዱ፣ «ግንብ!» ካለ ሌሎቹ ምንም እየሠሩ ቢሆን ትተው ይዞራሉ። በመጀመሪያው ሳምንት ቃሉ ከብዙ ንትርክ ጋር ነበር የሚሠራው። በተለይ አንደኛው ጓደኛችን፣ ቆስሎ የሚሸሽ ጠላት ካየ እንደ አዳኝ ውሻ ከመከተል የሚያግደው ነገር አልነበረም።

ከሁለት ወር በኋላ ከዚያው ቡድን ጋር እንደ ገና ተገናኘን። እነርሱ ስፔክተርን መርጠው ነበር፤ ሐሳባቸው ጨዋታውን ማስረዘም መሆኑ ግልጽ ነው። በአሥራ ስምንተኛው ደቂቃ ላይ ሦስት ገደልን፤ ስፔክተር በጥቂት ሕይወት ወደ ጫካ አመለጠች። ጓደኛችን ሁለት እርምጃ ተከተላት። ማንም ቃሉን አልተናገረም፤ ብቻ ተንፍሶ ዞረ። በዚያ ዙር ሁለት ግንብ ፈረሰ፤ ቀጥለንም ሮሻንን ገደልን። ኤጊስን ይዘን ወደ ሰፈራቸው ስንወጣ ግሊፍ ወጣብን፤ ወደ ታች ወርደን ጠበቅን፤ እንደ ገና ወጣን። ጨዋታው ሠላሳ ደቂቃ ሳይሞላ አለቀ። በግድያ ቁጥር የበለጡን እነርሱ ነበሩ። በዚያ ማታ መብራት የጠፋው እኛ ሻይ ቤት ተቀምጠን ሳለን ነው።